ዘፋኙ መቼ ይገባል?

ነዚፍ አልበም አወጣ።
ስምንት ዜማ፣ አርባ አንድ ደቂቃ፣
አንድም ቃል የሌለበት፤
ፈረንጅ አራዳ፣ ከኔ መጋዝ ቤት ጀርባ፣
የእንቁላል ካርቶን በለጠፈባት
ጠባብ ክፍል ውስጥ የተቀዳ።

እኔ አናጢ ነኝ፤ በርጩማ እጠርባለሁ፣
ሦስት እግር ከነመቀመጫው፣ ካንድ ግንድ።
ስለ ጃዝ የማውቀው
ከግድግዳው ማዶ አራት ዓመት የሰማሁትን ነው፤
ሲሳሳት፣ ሲመለስ፣ ሲሳሳት፣
ደግሞ ያንኑ ስሕተት ወዶት ሲደጋግመው።

የጊታሩን አንገት የሠራሁት እኔ ነኝ።
የፊተኛው በጅማ ክረምት ተጣሞ
ድምፁ አልጨበጥ ሲለው ዋንዛ ይዤለት ሄድኩ።
«ይሄ የወንበር እንጨት ነው» አለኝ።
«ወንበርስ ሸክም አይችልም?» አልኩት።
ሦስት ቀን ሙሉ ላግሁት።
እሱ ደፉ ላይ ተቀምጦ
ጉልበቱን በጣቱ እየመታ መላጊያዬን ይቆጥራል።
ለካ ስድስቴ ስቤ
በሰባተኛው እተነፍሳለሁ።
አላውቅም ነበር።
አራተኛው ዜማ ያ ነው፤
ተማም ድራሙን ስድስቴ ይመታና
በሰባተኛው እንጨቱን አንሥቶ
አየሩን ይመታል።

ተማም ቀን ባጃጅ ይነዳል፣ ከአጂፕ ቆጪ።
ሲፈን የጸሎት ቤቱን ኪቦርድ
ቅዳሜ ማታ ተውሳ እሑድ ሳይነጋ ትመልሳለች፤
ስለዚህ አልበሙ በሙሉ የቅዳሜ ሌሊት ነው።
ቤዝ የሚጫወተው ልጅ ወልቂጤ ሥራ አግኝቶ ሄደ፤
ነዚፍ ራሱ ተጫወተው፣
የሄደ ሰው ሲጫወት እንደሚጫወተው አድርጎ።

ሦስተኛው ላይ ዝናብ አለ።
ቆርቆሮው ላይ ወርዶ ማይኩ ውስጥ የገባ።
ሊሰርዘው ሳምንት ታገለ፣ አልወጣለትም፤
በመጨረሻ ጊታሩን ዝቅ አድርጎ
ቦታ ለቀቀለት።

መርካቶ፣ የሞባይል ሱቅ በር ላይ፣
በፍላሽ፣ በሃምሳ ብር።
ባለሱቁ ስፒከሩን ወደ መንገድ አዞረው፤
ሰው ቆመ።
አቮካዶ ሻጯ ዘንቢሏን አስቀምጣ ጠበቀች፣
አንድ ዜማ፣ ሁለት ዜማ፤
«መግቢያው ረዘመ» አለች፣
«ዘፋኙ መቼ ይገባል?»
ያን ቀን አሥራ አንድ ተሸጠ።
አንዱን የገዛሁት እኔ ነኝ፤ ማጫወቻ የለኝም።

ማታ እናቱ ቤት ተሰበሰብን።
አዴ ኑሪያ እስከ አምስተኛው ዝም አለች፤
መከዳውን ታቃና፣ እጇን ታይ ነበር።
ስድስተኛው ጀመረ።

ዳገቱን ጀመረ፣ ኤንትሬው አቃስቶ፣
ጣውላውን ተሸክሞ፣ ጭሱን ወደ ላይ ተፍቶ፤
አንደኛው ማርሽ ላይ፣ ክሩ ተወጥሮ፣
ሁለተኛው ገባ፣ ጭጋጉን በርብሮ፤
ጎማው ጭቃ ረግጦ፣ ጣቱ ሽቦ ረግጦ፣
አንዱ ሲያዳልጠው፣ አንዱ ዘሎ፣ ሮጦ፤
ጎጀብ ሊሻገር ሲል፣ ሦስተኛን ሊነካ፣
ድምፁ እዛው ላይ ቀረ፣ ማርሹ ሳይተካ።

የጎረቤት ልጅ ዝምታው ሲረዝምበት
«ዘፋኙስ?» አለ።
አዴ ኑሪያ በእጇ ከለከለችው፤
«ገብቷል» አለች። «ቆየ እኮ።»

ነዚፍ ያን ጊዜ እዚያ አልነበረም፤
ውጭ ወጥቶ ከተማም ጋር የባጃጁን ባትሪ ይነካካ ነበር፤
ሰባተኛውና ስምንተኛው
ባለቤታቸው ሳይኖር ተሰሙ።

እኔ ግን ተጎዳሁ።
ከዚያ ወዲህ መላጊያውን በያዝኩ ቁጥር እቆጥራለሁ፤
የቆጠሩት ትንፋሽ ደግሞ ትንፋሽ አይደለም።
ሦስት እግር አይወላገድም ይባላል፤
ትናንት የሸጥኩት በርጩማ ያዘነብላል።
ገዢው ከቦዬ ማዶ ድረስ ተሸክሞት መጣና
መሬት ላይ አስቀምጦ አሳየኝ።
«ጃዝ ነው» አልኩት።
አልሳቀም።
ገንዘቡን መለስኩለት፤
በርጩማውን ነዚፍ ወሰደው፤ ሲጫወት ይቀመጥበታል፣
ወደ ግራ ዘንበል ብሎ።